ባለ ብርጭቆ ወይስ ስቲል? ፔርሙዝ ለምትገዙ

«ፔርሙዝ ልገዛ ነበር፣ የቱ ይሻለኛል?» የፊዚክስ መምህር መሆኔን የሚያውቅ ወዳጅ ዘመድ ሁሉ ይህንን ይጠይቀኛል። አንዱ ሱቅ ውስጥ ቆሞ ይደውላል። ሌላዋ ፎቶ ትልካለች። በቅርቡ ደግሞ ጎረቤቴ አምና የገዛችው ፔርሙዝ ጉድ ሠራት። ስለዚህ አንዴ በደንብ ልጻፈው።

መልሴን ቀድሜ ልናገር። ለቤት ከሆነ ሆዱ ብርጭቆ የሆነውን ግዙ። ስቲል የሚያስፈልጋችሁ ለመንገድና ለአጥሚት ነው። ደህና ስቲል አስመስለው የሚሸጡትን የሚያብለጨልጭ ዕቃ ግን በቅናሽ ቢሰጧችሁም አትንኩት።

ወደ ብሩ እንምጣ። ሰሞኑን እዚህ ባሕር ዳር ቅዳሜ ገበያ ስዞር፣ ሁለት ሊትር የሚይዘውን ባለ ብርጭቆ 1,400 ብር ይጠሩና ጠንከር ብሎ ለሚከራከር በ1,100 ይለቁታል። ደህናው ስቲል፣ ያውም አንድ ሊትሩ፣ ከ2,800 አልወርድ ብሏል። በመሃል 1,300 ብር የሚሉት ሌላ ስቲል አለ። ቀለሙ ያምራል፣ ካርቶኑም «ቫክዩም» ይላል። ሰው የሚሸወደው እዚህ ጋ ነው። «ከብርጭቆው 200 ብር ብቻ ጨምሬ የማይሰበር አገኘሁ» ይላል። ዋጋው በየሳምንቱ ስለሚለዋወጥ ልዩነቱን ያዙ። በሊትር ስታሰሉት ብርጭቆው 550 ብር፣ ደህናው ስቲል 2,800 ነው። አምስት እጥፍ!

ታዲያ ይሄ ሁሉ ብር ለምኑ ነው? ፔርሙዝ ውስጥ ዋጋ ያለው ነገር በሁለቱ ግድግዳዎች መሃል ያለው፣ አየሩ ተስቦ የወጣለት ባዶ ቦታ ነው፤ ቫክዩም የሚባለው እሱ ነው። ይህንን ለመረዳት ጥቂት ቁጥር ይበቃል። የሙቀት አስተላላፊነት የሚለካው ዋት በሜትር በኬልቪን ነው፤ እናንተ ግን የቱ እንደሚበልጥ ብቻ እዩ። መዳብ 400 ገደማ ነው። አልሙኒየም 237። ስቴይንለስ ስቲል ወደ 15 ይወርዳል። ብርጭቆ 1 አካባቢ። ውሃ 0.6። አየር 0.026።

ብረታ ብረት ሙቀትን የሚያሮጠው ውስጡ ልቅ ሆነው የሚዘዋወሩ ኤሌክትሮኖች ስላሉት ነው። ስቴይንለስ ላይ ክሮሚየምና ኒኬል ስለተቀላቀሉበት ኤሌክትሮኖቹ እንደልባቸው አይሄዱም፤ ስለዚህ ከመዳብ በጣም ያንሳል። ብርጭቆ ልቅ ኤሌክትሮን የለውም። ሙቀቱ በአተሞቹ ንዝረት ብቻ ነው የሚሄደው፣ አተሞቹም ሥርዓት ይዘው አልተደረደሩም። ፈሳሽ ላይ ሞለኪውሎቹ ተጠጋግተው ቢገፋፉም ቦታቸው አይረጋም። ጋዝ ላይ ተራርቀዋል። ሙቀቱን ተሸክሞ የሚያደርሰው ሞለኪውል ጥቂት ነው። አየር ከውሃ ከ20 እጥፍ በላይ ደካማ አስተላላፊ የሆነው ለዚህ ነው። ጋቢ የሚያሞቀን እኮ ጥጡ አየሩን ይዞ አላንቀሳቅስ ስለሚለው ነው።

«እንግዲያው አየር ከበቃ ቫክዩም ለምን?» አትበሉ። አየሩ ለጋቢ ይበቃል፤ ጠዋት የፈላ ሻይን ማታ ድረስ ለማቆየት ግን አይበቃም። ስኮትላንዳዊው ሳይንቲስት ጄምስ ዴዋር እ.ኤ.አ. በ1892 ባለ ሁለት ግድግዳ ብርጭቆ ሠርቶ መሃሉን ባዶ ያደረገው ለሻይ አልነበረም። እጅግ ቀዝቅዘው ፈሳሽ የሆኑ ጋዞች እንዳይተኑበት ነበር። ለቤት ዕቃነት ገበያ ያወጡት ጀርመኖች ናቸው፣ በ1904። እስከ ዛሬም ባለ ብርጭቆው ፔርሙዝ ያው የዴዋር ዕቃ ነው። ውስጡ እንደ መስታወት የሚያንጸባርቀውም ለውበት አይደለም። ባዶ ቦታ የማያግደውን የሙቀት ጨረር ወደ ውስጥ እንዲመልስ ነው።

አሁን ሻጮች የማይነግሯችሁ ነገር። ከግድግዳው መሃል አየሩን ግማሹን ብታወጡ የሚያመልጠው ሙቀት በግማሽ የሚቀንስ ይመስላል። አይቀንስም! የፊዚክስ ሊቁ ማክስዌል እ.ኤ.አ. በ1860ዎቹ በስሌት እንዳሳየው የጋዝ ሙቀት አስተላላፊነት ከግፊቱ ጋር አብሮ አይወርድም። ሞለኪውሎቹ ሲያንሱ የቀሩት ሳይጋጩ ርቀው ይሄዳሉ። በቁጥር የጎደለውን በርቀት ያካክሱታል። በተራ አየር ውስጥ አንድ ሞለኪውል ከሌላው ሳይጋጭ የሚሄደው ርቀት በአማካይ ከሚሊሜትር አንድ አሥር ሺኛ ያንሳል። የፔርሙዝ ክፍተት ደግሞ ጥቂት ሚሊሜትር ነው። ሞለኪውሉ ከአንዱ ግድግዳ ወደ ሌላው ሳይጋጭ እስኪደርስ ግፊቱ በብዙ አሥር ሺህ እጥፍ መውረድ አለበት። ጥቅሙ የሚጀምረው ከዚያ በኋላ ነው። ስለዚህ «ትንሽ ቫክዩሙ የቀነሰ» የሚባል ፔርሙዝ የለም ማለት ይቻላል። ወይ ይሠራል፣ ወይ ባዶ ቆርቆሮ ነው። ለዓይን የማትታይ ስንጥቅ አንዷ ትበቃዋለች።

የጎረቤቴን ልንገራችሁ። በ1,300 የተገዛ፣ ሰማያዊ፣ ከበድ ያለ ስቲል ነበር። ጠዋት የተቀዳ ሻይ ለምሳ ለብ ብሎ ይገኛል። ሙቅ ውሃ ሲገባበት ገላው ከላይ እስከ ታች ይግላል። ሻጩ «መጀመሪያ ላይ እንዲህ ነው፣ ይለምዳል» አላት። ፔርሙዝ ምኑን ነው የሚለምደው? ብየዳ ቤት ወስደን በብረት መጋዝ አስቆረጥነው። ደህና ቫክዩም ያለው ስቲል የውጪው ግድግዳ ሲበሳ አየር ወደ ውስጥ እየተሳበ ሽው ይላል። ይሄኛው ጭጭ አለ። ለሁለት ሲከፈል ሁለት ስስ ግድግዳ፣ በመሃሉ ተራ አየር። ቂጡ ላይ ደግሞ ምንም ሥራ የሌለው ጠፍጣፋ ብረት ተለጥፏል። ክብደቱ ከዚያ ነበር። ገዢ በእጁ መዝኖ «ጠንካራ ነው» እንዲል ሆን ተብሎ የገባ ነው። ይህ በጣም አናዶኛል። የለፋችበት ብር ነው።

ስለዚህ ክብደት አትመኑ። የታተመበትን ቁጥርም አትመኑ፤ የደህና ስቴይንለስ መለያ የሆነውን «304» መቅረጽ ማንም ይችላል። ማግኔት ይዞ መሄድም አያድንም። ትክክለኛውን 304 ማግኔት አይዘውም፣ እውነት ነው፤ ግን ርካሹን 201ም አይዘውም። የሚያዋጣው ሙቅ ውሃ ብቻ ነው። አጠገብ ካለች ቡና አፍይ የፈላ ውሃ ለምኑ፣ ሞልታችሁ ክደኑና 10 ደቂቃ ያህል ጠብቁ። ከዚያ ወገቡን ዳብሱት። ከሞቀ ትታችሁት ውጡ። አንገቱ አካባቢ ለብ ቢል ችግር የለም፤ ሁለቱ ግድግዳዎች የሚገናኙት እዚያ ስለሆነ ደህናው ስቲልም በዚያ በኩል ሙቀት ያመልጠዋል። ይህንን አላስሞክርም የሚል ሻጭ መልሱን ነግሯችኋል።

የአንገቱን ነገር ካነሳሁ አይቀር፣ ብርጭቆ የሚበልጥበት አንዱ ምክንያት ይሄው ነው። ቫክዩሙ የቱንም ያህል ጥሩ ቢሆን ሙቀት በአንገቱ በኩል ግድግዳውን ተከትሎ ይወጣል። ስቲል ከብርጭቆ 15 እጥፍ ያህል ያስተላልፋል። ፋብሪካዎቹ ስቲሉን ስስ አድርገው ይሠሩታል፣ ይህም ልዩነቱን ያጠበዋል፤ ግን አያጠፋውም። አንገተ ሰፊ ሲሆን ደግሞ ይብሳል።

ካርቶን ላይ ያለውን «24 ሰዓት» እርሱት። ባሕር ዳር ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ ውሃ እዚህ የሚፈላው 94 ዲግሪ አካባቢ ነው። ከመነሻው እየቀነስን ነው የምንሞላው። ሙሉ አድርጋችሁ ቅዱ፤ ግማሽ ፔርሙዝ ቶሎ ይቀዘቅዛል።

ብርጭቆን በጣም የምወደው ግን በጥገናው ነው። ስቲል ቫክዩሙ አንዴ ከሄደ አለቀለት። ከተማው ውስጥ አየሩን መልሶ የሚስብለት ብየዳ ቤት የለም። 2,800 ብራችሁ የውሃ መቅጃ ይሆናል። ባለ ብርጭቆው ቢሰበር ሆዱ ብቻውን ይሸጣል። እኔ በ400 ብር ነው የገዛሁት። ቂጡን በእጅ ታሽከረክሩታላችሁ፣ ይፈታል። ስብርባሪውን ጋዜጣ ላይ በጥንቃቄ ታራግፋላችሁ። አዲሱን ታስገባላችሁ፣ የአንገቱን ጎማ ታስተካክላላችሁ፣ ታጠብቃላችሁ፣ በቃ። ሁለት ጊዜ ሆድ ብትቀይሩ እንኳ 1,100 እና 800፣ 1,900 ብር ነው። አሁንም ከስቲሉ 900 ብር ተርፏችሁ፣ ሁለት ሊትር እየጠጣችሁ ነው።

ሆዱን ስትገዙ ከታች ያለችውን ትንሽ የሾለች ጫፍ እዩ። አየሩ ተስቦ ወጥቶ ብርጭቆው የታሸገው በእሷ በኩል ነው። እሷ ከተነካች ብርጭቆው ሳይሰበርም ቫክዩሙ ይሄዳል። ፔርሙዙ ቂጥ ላይ ያለው ጎማ የሚጠብቃት እሷን ነው። አንዳንድ ርካሽ ፔርሙዝ ላይ ይህ ጎማ ጭራሽ የለም፣ ወይ ደርቆ ተሰነጣጥቋል። ፈታችሁ ሳታዩ አትክፈሉ።

አብዛኛው ብርጭቆ የሚሰበረው ደግሞ በመውደቅ ብቻ አይደለም። በቀዝቃዛ ውሃ ያለቀለቁትን ፔርሙዝ ወዲያው የፈላ ውሃ ይሞሉታል። ብርጭቆ ሙቀት ቶሎ ስለማያስተላልፍ የውስጥ ገጹ ሲለጠጥ ጀርባው ገና ቀዝቃዛ ነው። መሃል ላይ ጠቅ ይላል። መጀመሪያ ለብ ባለ ውሃ አለቅልቁት። ሻዩም በዚያው ይበልጥ ይቆያል።

ስቲል የሚያሸንፍበትን ልመስክር። ጀልባ ተሳፍራችሁ ዘጌ የምትሄዱ ከሆነ ብርጭቆ አትያዙ። ሐይቁ ከሰዓት በኋላ ሲናወጥ የጀልባው ወለል ላይ ያለ ዕቃ ሁሉ ይንከባለላል። ባጃጅም ከዚያ አይሻልም። ሁለተኛው አጥሚት ነው። ለአራስ አጥሚት ይዛችሁ ፈለገ ሕይወት ሆስፒታል የምትመላለሱ፣ እባካችሁ በብርጭቆ አትውሰዱ። አጥሚት ሲወፍር ታች ይቀራል፣ ሰውም ማንኪያ አስገብቶ ያማስለዋል። ማንኪያው ብርጭቆውን ሲነካ የሚረግፈው ስብርባሪ ወፍራም አጥሚት ውስጥ አይታይም። ለዚህ ሲባል 2,800ውን ክፈሉ፣ ወይም ካለው ዘመድ ተዋሱ። አጥሚት እንደ ሻይ ውስጡ ስለማይገላበጥ ሙቀቱን በራሱም ይዞ ይቆያል። ስለዚህ ግማሽ ሊትር የሚይዘው ትንሹ ስቲል ይበቃችኋል፣ ዋጋውም ይቀንሳል።

ከላይ እየተጫኑ የሚቀዱበትን ብዙ አልልም። ስፕሪንጉ ይላላል፣ ቱቦው ይሸታል፣ መለዋወጫው አይገኝም። ከተራው 600 ብር ይጨምራል። ለሠርግ ቤት ካልሆነ ተዉት።

ባለ ብርጭቆውን የምትገዙ ከሆነ መለዋወጫ ሆዱንም እዚያው፣ በዚያው ቀን ግዙ። የአንገት ስፋት ከዕቃ ዕቃ ይለያያል። ከዓመት በኋላ ያው ልክ መገኘቱ አያስተማምንም። ሁለቱን አንድ ላይ ስትወስዱ ደግሞ መከራከሪያ አላችሁ፤ 1,500 የሚሏችሁን በ1,400 አስጨርሱ። ቤት ስትደርሱ ሆዱን በጨርቅ ጠቅልላችሁ ሕፃን የማይደርስበት ቁም ሳጥን ላይ አስቀምጡት፣ ጫፏ ወደ ላይ ሆና።