ሮይ ከሜዳው ዳር፣ ሳኪክ ከቢሮ

ፓትሪክ ሮይና ጆ ሳኪክ ለአሜሪካው የበረዶ ሆኪ ክለብ ኮሎራዶ አቫላንሽ አብረው ተጫውተው እ.ኤ.አ. በ1996 እና በ2001 የሰሜን አሜሪካ ሊግ ሻምፒዮን የሚወስደውን የስታንሊ ዋንጫ አንስተዋል። በ2013 ደግሞ ግብ ጠባቂው ሮይ በዋና አሠልጣኝነት፣ አምበሉ ሳኪክ በኃላፊነት ክለቡን መምራት ጀመሩ።

ሮይ እሳት ነው። ገና በመጀመሪያው ጨዋታ ከተጋጣሚው ቡድን ከአናሃይም አሠልጣኝ ጋር ተጨቃጭቆ፣ የሁለቱን ቡድኖች ተጠባባቂዎች የሚለየውን መስታወት ገፍቶ አንጋደደው፤ 10,000 ዶላር ተቀጣ። ቡድኑ ግን ነቃ፤ እሱም በ2014 የዓመቱ ምርጥ አሠልጣኝ ተባለ። በ2016 ግን በውሳኔዎች ላይ በቂ ድምፅ የለኝም ብሎ ድንገት ለቀቀ።

ሳኪክ የመጣበትን ቻለው። በቀጣዩ ወቅት ቡድኑ 48 ነጥብ ብቻ ይዞ የሊጉ ውራ ሆነ። ተጫዋቹ ማት ዱሼን ልቀቁኝ ቢልም በርካሽ አልሰጠውም፤ ወራት ጠብቆ፣ በኖቬምበር 2017 ተጫዋቹን ሳሙኤል ጂራርድንና፣ ክለቦች በየተራ ወጣት ተጫዋቾችን በሚመርጡበት ድልድል በኋላ ቦወን ባይራም የተመረጠበትን ተራ አገኘበት። ሁለቱም በ2022 ዋንጫውን ባነሳው ቡድን ውስጥ ነበሩ።

ማየት የሚያስደስተው ሮይን ነው፤ ክለብ አደራ የምሰጠው ግን ለሳኪክ ነው። ሮይ እንደሆነ ቢሮ አልናፈቀውም፤ በጃንዋሪ 2024 የኒውዮርክ አይላንደርስ አሠልጣኝ ሆኖ ተመለሰ።