ሼፒትኮ ወይስ ጌርማን፦ ከማን ይጀመር?

የሶቪየት ፊልም ዳይሬክተሮቹ ላሪሳ ሼፒትኮና አሌክሴይ ጌርማን ሁለቱም በ1938 እ.ኤ.አ. ተወለዱ፤ ሁለቱም ስለ ሶቪየት ደፈጣ ተዋጊዎችና ስለ ክህደት ፊልም ሠሩ። ዕጣቸው ግን ለየቅል ነው። የላሪሳ ሼፒትኮ «አቀበት» በ1977 በበርሊን የፊልም ፌስቲቫል ዋናውን ሽልማት፣ የወርቅ ድብን፣ ወሰደ። የአሌክሴይ ጌርማን «የመንገድ ላይ ፈተና» ደግሞ በ1971 ተሠርቶ 15 ዓመት ያህል ታግዶ ቆየ፤ ለጠላት አድሮ የነበረን ሰው በርኅራኄ ማሳየቱ ሹማምንቱን አላስደሰተም።

ሼፒትኮ ታሪኳን አታወሳስብም፤ በረዶና የሰው ፊት ይበቋታል። ጌርማን ዘንድ ግን ጭቃው፣ ጭሱና የሰዉ ጫጫታ ዋናውን ወሬ ይውጠዋል (የ1998ቱን «ክሩስታልዮቭ፣ መኪናዬን!» ሳይደክሙ የጨረሱ ካሉ አደንቃቸዋለሁ)። ለጀማሪ ሼፒትኮን እመርጣለሁ። በ1979 በመኪና አደጋ ስትሞት የጀመረችውን ፊልም ባሏ ኤሌም ክሊሞቭ ጨረሰው፤ ጌርማን በ2013 ሲሞት ደግሞ የመጨረሻ ሥራውን ሚስቱና ልጁ ከዳር አደረሱት።