ደብረ ማርቆስ ላላችሁ ወላጆች፦ ልጄን ሩጫ ያስተማሩልኝን መምህር ልጠቁማችሁ

የ11 ዓመቱ ልጄ ቤዝቦል ይወዳል። ኳሱን መምታት ላይ ጎበዝ ነው። የሚቸገረው ከመታ በኋላ ነበር። ቆሞ ኳሱ የት እንደሚያርፍ ያያል፣ ከዚያ ዱላውን እንደያዘ ይሮጣል። አንደኛው ቤዝ፣ ማለትም መቺው ሮጦ መጀመሪያ የሚረግጠው ምልክት ጋ ሲደርስ ደግሞ ቀስ ብሎ ይቆማል። ብዙ ጊዜ ተቃራኒዎቹ የሚወረውሩት ኳስ ቤዙ ጋ ይቀድመውና ይወጣል። አምና ሌላ ቦታ ሲለማመድ «ተንሸራተህ ግባ» ብለውት ጉልበቱ ተልጦ ሁለት ሳምንት አነከሰ።

አሁን ቅዳሜ ጠዋት የሚያሰለጥኑት አንድ የስፖርት መምህር ናቸው። ስሜ አይጠራ ስላሉኝ ትቼዋለሁ፤ ልጆቹ «ቲቸር» ነው የሚሏቸው። በአካል አመስግኛቸዋለሁ፣ ግን በሰው ፊትም ሊመሰገኑ ይገባል።

የመጀመሪያ ቀን ዱላ አላስያዙትም። ማዳበሪያ ውስጥ ጭድ ሞልተው አንደኛ ቤዝ አደረጉት። ከመነሻው በገመድ ለክተው 18 ሜትር ከ30 ላይ አስቀመጡት። የትልልቆቹ 27 ሜትር ከ43 ነው፤ «ለነሱ ዕድሜ ይሄ ይበቃል» አሉኝ። ከዚያ ከማዳበሪያው አራት እርምጃ ወዲያ ችካል ተከሉ። የልጄን ትከሻ ይዘው «ማሙሽ፣ አንተ የምትሮጠው ችካሉ ጋ ነው። ማዳበሪያውን መንገድህ ላይ ረግጠኸው እለፍ» አሉት። በሦስተኛው ሩጫ ቤዙ ጋ መቀዝቀዙን ተወ። ዓይኔ እያየ!

አንደኛ ቤዝን ረግጦ ማለፍ ይፈቀዳል። ሯጩ ወዲያው ከተመለሰና ወደ ሁለተኛው ለመሄድ ካልሞከረ በኳስ ነክተው አያስወጡትም። እኔ ወደ ቀኝ ካልዞረ ይወጣል ሲባል ነበር የሰማሁት። ደንቡ እንደዚያ እንደማይል ያስረዱኝ እሳቸው ናቸው። መጨረሻ ላይ መዝለልንም ከለከሉት። «አየር ላይ ያለ እግር አይገፋም» ይላሉ። የሚረገጠው ወደ ሯጩ ያለው የቤዙ ጠርዝ ነው።

ዱላ ይዞ መሮጡ ከገና ጨዋታ የመጣ ይመስለኛል፤ እኛም ያደግነው እንደዚያ ነው። ቲቸር አልተቆጡትም። መትቶ እንደጨረሰ እጁን ፈትቶ ዱላውን እግሩ ሥር እንዲጥል፣ ከኋላ ያለውን ልጅ እንዳይመታ ደግሞ እንዳይወረውር፣ ደጋግመው አለማመዱት።

ከመንገዱ እኩሌታ በኋላ ያለውን መተላለፊያም በኖራ አሰመሩላቸው። ከመነሻው ወደ አንደኛ ቤዝ ከሚሄደው የሜዳ መስመር በስተቀኝ 91 ሳንቲሜትር ይሰፋል። ሯጩ ከዚያ ወጥቶ ኳስ ተቀባዩን ካደናቀፈ ዳኛው ያስወጣዋል። በአሜሪካ ትልቁ የቤዝቦል ሊግ፣ በሜጀር ሊግ፣ ከእ.ኤ.አ. 2024 ጀምሮ በግራ በኩል እስከ ሣሩ ያለው አፈርም ተፈቅዷል። ቲቸር ግን ልጆቹ እንዳይጋጩ በቀኝ በኩል ብቻ ነው የሚያስሮጧቸው። ቤዙን ካለፉ በኋላ እርምጃ አሳጥረው ወደ ቀኝ ያያሉ፤ ኳሱ ተቀባዩን ካመለጠ ወደ ሁለተኛው ይቀጥላሉ።

ባለፈው ቅዳሜ ልጄ ደካማ ኳስ መታ። መሬት ለመሬት ተንከባለለች። ዞር ብሎ እንኳን አላያትም፣ ማዳበሪያውን ረግጦ አለፈ። ኳሷ ከኋላው ደረሰች። ቲቸር ከኔ በላይ ጮኹ።

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ቲቸር። ዕድሜና ጤና ይስጥዎት።

ልጅ ማስመዝገብ የምትፈልጉ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ እሳቸውን ጠይቄ አገናኛችኋለሁ። ክፍያቸው አይከብድም። የማያንሸራትት ጫማና ውሃ አስይዟቸው፤ ጠዋት ብርድ ስለሆነ ሹራብም አትርሱ።