ድሬዳዋ ላይ የሚሸጠው የሚያበራ «የጊዜ ዕንቁ» ሐብል

በምናብ ዓለም ይህ ዕንቁ ጊዜን ያቆማል፣ ወደ ኋላም ይመልሳል። ድሬዳዋ ላይ የሚሸጠው ግን ብርሃን የሚያጠራቅም ዱቄት የተቀላቀለበት ሬዚን (ፈስሶ የሚጠነክር ፕላስቲክ መሳይ ነገር) ነው። እንደዚያም ሆኖ ጥሩው በጣም ያምራል!

ከመክፈልዎ በፊት ለ1 ደቂቃ የስልክ መብራት ያብሩበትና በሁለት እጅዎ ሸፍነው ይዩት። ስትሮንቲየም አሉሚኔት የሚባለው ዱቄት ያለበት አረንጓዴ ደምቆ ይጀምራል፤ በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ቶሎ ይቀንስና ደብዘዝ ብሎ ለሰዓታት ይቆያል። የድሮው ዓይነት ዱቄት፣ ዚንክ ሰልፋይዱ፣ አንድ ሰዓት እንኳ አይሞላም። ጀርባውን በጥፍር ይዳስሱ፤ ስንጥቅ ካለው ይተዉት። ላብ ወይም ውሃ ከዘለቀው ዱቄቱ ይበላሻል፣ ብርሃኑም አይመለስም።

የድሬን ፀሐይ ደግሞ ያውቋታል። ለመሙላት 10 ደቂቃ ይበቃል፤ መኪና ውስጥ መስታወት ሥር ከተረሳ ግን ሬዚኑ ይለሰልሳል፣ እየቆየም ቢጫ ይሆናል። ደካማው ነገር ሰንሰለቱ ነው፣ ቅቡ በላብ ይለቃል። ሐረር ብር ሠሪዎች ዘንድ በብር ሰንሰለት ቢያስቀይሩት ያዋጣል።

ሻጩ «የወሎ ኦፓል ነው» ካለዎት አይግዙ። ኦፓል የተባለው የከበረ ድንጋይ ብርሃን ሲያርፍበት ኅብረ ቀለም ያሳያል እንጂ ጨለማ ውስጥ ለሰዓታት አያበራም።