ለግቢ ዥዋዥዌ፦ ባሕር ዛፍ፣ ጥድ ወይስ ፓሌት?

የዥዋዥዌ እንጨት ቀድሞ የሚበሰብሰው አፈር በሚነካበት አንድ ስንዝር ላይ ነው፤ የክረምቱ ውሃም ምስጡም የሚገቡት እዚያ ነው። ስለዚህ የሚተከለው ቋሚና መቀመጫው አንድ ዓይነት እንጨት መሆን የለባቸውም። ገዢ የሚሳሳተው ሁሉንም ከአንድ ክምር ሲመርጥ ነው።

ባሕር ዛፍ በእንጦጦም በሱሉልታም በኩል እንደ ልብ ይገኛል፤ ከጥድ ይረክሳል። ለአራቱ እግሮች ውፍረቱ ከ12 ሳንቲ ሜትር ያላነሰ፣ ርዝመቱ 3 ሜትር የሆነ ይያዝ። ቀጭኑ አጠና ለአጥር እንጂ ልጅ ለሚወዛወዝበት አይሆንም። ችግሩ እርጥቡን መሸጡ ነው፤ ሲደርቅ ይጣመማል፣ ጫፉ ይሰነጠቃል፣ ይከሳል፣ ቡሎኑም ይላላል። ልጣጩን አንስቶ ከመሬት ከፍ አድርጎ ጥላ ሥር ቢያንስ ሦስት ወር ማቆየት ያስፈልጋል። ሚስማር እንዲሁ ከተመታበት ስለሚተረተር ቀዳዳው ቀድሞ ይበሳና በ12 ሚሊ ሜትር ቡሎን፣ በሁለቱም ወገን ሰፊ ሮንዴላ ገብቶ ይታሰር። ከወር በኋላ ዳዶውን እንደገና ማጥበቅ ግድ ነው።

ጥድ ሲባል ሁለት ነው፣ ሻጩም ሁልጊዜ አይለይልዎትም። የፈረንጅ ጥድ ጣውላ ቀላልና ለመላግ የሚመች ስለሆነ ለመቀመጫ ይመረጣል፦ 45 በ20 ሳንቲ ሜትር፣ ውፍረቱ 3፣ መካከሉ ላይ የቅርንጫፍ ዓይን የሌለበት። መሬት ውስጥ ግን አይበረክትም። የሐበሻ ጥድ ቀይ እምብርት መበስበስንም ምስጥንም ይቋቋማል፤ ነጩ የዳር ክፍል ግን ያንን ጠባይ የለውም። ከፈረሰ አሮጌ ቤት የወጣውን መግዛት ይሻላል፤ ደርቆ፣ መጣመሙንም ጨርሶ ያገኙታል። ጫፉን አስቆርጠው ቀለሙን ይዩ፣ የተቀበረ ሚስማር እንዳይኖር በማግኔት ይፈትሹ።

ፓሌት፣ ማለትም የጭነት ዕቃ የሚደረደርበት የእንጨት ርብራብ፣ ለዥዋዥዌ አይታሰብም፤ ጣውላው ስስ ነው፣ ሲነቀልም ይሰነጠቃል። ለአሸዋ መጫወቻ ሳጥን ግን ያገለግላል። ማኅተሙ ላይ በላቲን ፊደል «ኤች ቲ» ካለ በሙቀት የታከመ ነው፤ እምብርቱ ለ30 ደቂቃ 56 ዲግሪ ደርሷል ማለት ነው። «ኤም ቢ» ያለበት በሜቲል ብሮማይድ፣ በመርዛማ ጋዝ፣ የታጠነ ነውና ለልጅ አይሁን። ዘይት የጠጣውንም ይለፉት።

አተካከሉ እንጨቱን ያህል ይወስናል፤ በተለይ አቃቂ በኩል። ዋልካ አፈር ክረምት ያብጣል፣ በጋ ይሰነጠቃል፤ ቋሚውን እንደ ላላ ጥርስ ያነቃንቀዋል። ጉድጓዱ 70 ሳንቲ ሜትር ይቆፈር፣ ሥሩ ላይ 10 ሳንቲ ሜትር ጠጠር ይነጠፍ፣ ዙሪያው ገረጋንቲ እየተጠቀጠቀ ይሞላ። ታቹ በሲሚንቶ ከተደፈነ ውሃው መውጫ አጥቶ እንጨቱን ያበሰብሰዋል። ምስጥ ይከላከላል ተብሎ የሚቀባው የተቃጠለ የሞተር ዘይት ለልጅ ቆዳ መጥፎ ነው። ሬንጅ ይሻላል፣ ያውም በሚቀበረው ክፍልና በደረቀ እንጨት ላይ ብቻ፤ እርጥቡን ካፈኑት ከውስጥ ይበሰብሳል።

የራሱ ግቢ ላለው ሰው ቋሚው የሐበሻ ጥድ፣ አግዳሚው ባሕር ዛፍ፣ መቀመጫው የፈረንጅ ጥድ ቢሆን ጥሩ ነው። ተከራይ ለጥዱ ገንዘብ ባያወጣ ይመረጣል፤ በቡሎን የታሰረ ባሕር ዛፍ ተፈቶ ከዕቃው ጋር ይጫናል።