የታሸገ፣ የተጋገረ ወይስ የደረቀ፦ ለውሻ ማባበያ የቱ ይሻላል?

እማዬ ፓትራው ላይ ከተደረደረው ብስኩት አንዱን አንስታ ልትቀምስ ስትል «የቡቺ ነው» አልኳት። መልሳ አስቀመጠችው። ለጥቂት ጊዜ ዝም ብላ ቆየችና «ለውሻም ኩኪስ ይጋገር ጀመር?» አለች።

ተጀምሯል። ግን ሁልጊዜ ያዋጣል ማለት አይደለም። ባለፉት ሁለት ዓመታት ሦስቱንም መንገድ ሞክሬአለሁ። ከሱፐርማርኬት የታሸገ ገዝቻለሁ፣ ቤት ጋግሬአለሁ፣ ከሥጋ ቤት ጉበትና ሳንባ አምጥቼ አድርቄአለሁ። ቡቺ አሥር ኪሎ ገደማ የሚመዝን ተራ የሀበሻ ውሻ ነው፤ ምላሱም ሐቀኛ ነው። ያልወደደውን አይበላም።

አንድ ቅዳሜ ጠዋት በረንዳው ላይ ሦስት የሻይ ሰሃን ደረደርኩ። አንዱ ላይ የታሸገ ብስኩት፣ አንዱ ላይ በአጃና በዱባ የጋገርኩት፣ አንዱ ላይ የደረቀ ጉበት። ቡቺ በቀጥታ ወደ ጉበቱ ሄደ። ቀጥሎ የታሸገውን ቆረጠመ። የኔን ብስኩት አሸተተው፣ በአፉ ያዘው፣ ይዞት ጤና አዳሙ ሥር ሄደና አፈር ጫር ጫር አድርጎ ቀበረው። አፍንጫው በአፈር እንደተለወሰ ተመልሶ መጣና ጉበት የነበረበትን ሰሃን እንደገና ላሰ። በማግሥቱ የሰሃኖቹን ቦታ ቀያይሬ ሞከርኩ። ምርጫው አልተለወጠም።

እኔ ቅርጹን ለማሳመር የአጥንት ቅርጽ ያለው መቁረጫ ፍለጋ ስንከራተት ነበር። ውሻ ግን የሚገዛው ሽታውን ነው። ከዚህ በታች የምለው ሁሉ የሚመጣው ከዚህ ነው።

የታሸገው

ትልቁ ጥቅሙ ምቾት ነው። ኪስ ውስጥ ይገባል፣ እጅ አያቆሽሽም፣ ወራት ይቆያል። የውሻ ብስኩት ንግድም የተጀመረው በዚሁ ነው። ጄምስ ስፕራት የሚባል አሜሪካዊ በ1860ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ለንደን ውስጥ የውሻ ብስኩት መሸጥ ጀመረ። ሐሳቡ የመጣለት ወደብ ላይ ውሾች የመርከበኞችን ደረቅ ብስኩት ሲሻሙ አይቶ ነው ይባላል።

አዲስ አበባ ውስጥ ትልልቅ ሱፐርማርኬቶችና አንዳንድ የእንስሳት መድኃኒት ቤቶች ይሸጡታል። አብዛኛው ከውጭ የሚገባ ስለሆነ መጀመሪያ የሚታየው ቀኑ ነው። እኔ አንድ ጊዜ ከአንድ ሱቅ የገዛሁት ፌስታል ቀኑ ተፍቆ ነበር። ስከፍተው የቆየ ዘይት ሸተተኝ። የራሴ ጥፋት ነው፤ ሳላይ ከፍያለሁ። ከትልቅ ጆንያ ተዘርዝሮ በፌስታል የሚሸጠውንም ተዉት። መቼ እንደተከፈተ ማን ያውቃል?

ከዚያ ዝርዝሩን አንብቡ። መጀመሪያ የተጻፈው ነገር በክብደት የበዛው ነው። ስንዴና ስኳር ቀድመው ሥጋው ስድስተኛ ላይ ካለ፣ ለብስኩት እንጂ ለሥጋ እየከፈላችሁ አይደለም። ከታሸገው ውስጥ እኔ የማልገዛው ቋንጣ መሰሉን የዶሮ ሥጋ ነው። ከ2007 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ አሜሪካ ውስጥ ብዙውን ጊዜ ከቻይና የገባ እንዲህ ያለ ቋንጣ ከበሉ በኋላ የታመሙ ውሾች ነበሩ። ለምግብና መድኃኒት ባለሥልጣኑ ከ1,000 በላይ የሞቱ ውሾች ሪፖርት ተደርገዋል። ብዙ ተመርምሮም ቁርጥ ያለ ምክንያት አልተገኘም። ከቆዳ የተጠቀለለውንም አጥንት መሰል ነገር ለሚጎርስ ውሻ አልሰጥም። ሲርስ ይለሰልስና በቁራጩ ጉሮሮ ላይ ይቀራል።

አሜሪካ ያለችው እህቴ ስትመጣ በሻንጣዋ ይዛለት ትመጣለች። እሱን ደስ ብሎኝ እቀበላለሁ። የነፃ ነገር ማን ይጠላል?

ቤት የሚጋገረው

እዚህ ላይ የሚገዛው ዱቄት ነው። አራቱን ሞክሬአለሁ።

ፉርኖ ዱቄት በቀላሉ ይገኛል፣ ሊጡም በመዳመጫ ሲዳመጥ አይሰበርም። ግን ጣዕም የለውም። ስንዴ የማይስማማው ውሻ ካላችሁ ደግሞ ጭራሽ አይሆንም። የሽምብራ ዱቄት ፕሮቲኑ ጥሩ ነው፤ ብስኩቱም ቆንጆ ቀለም ያወጣል። ችግሩ ማታ ይመጣል። ቡቺ የሽምብራ ብስኩት በበላበት ቀን አንድ ክፍል ውስጥ አብሮ መቀመጥ አይቻልም።

አጃ የኔ ምርጫ ነው። ሆድ አይከብድም፣ ሲጋገር ደህና ይደርቃል። በሶ ደግሞ ኦቨን ለሌለው ሰው ነው፤ ገብሱ አስቀድሞ ስለተቆላ መጋገር አያስፈልገውም። በተቀቀለ ዱባና በትንሽ መረቅ ለውሶ ድቡልቡል ማድረግ ብቻ ነው። ፍሪጅ ውስጥ ሦስት ቀን ይቆያል። ምንም ያልገባበት ንጹሕ በሶ መሆኑን ግን ሻጯን ጠይቋት።

የምጠቀምበት ልክ ይኸው፦ ሦስት ኩባያ የአጃ ዱቄት፣ አንድ ኩባያ ተቀቅሎ የተፈጨ ዱባ፣ አንድ እንቁላል። ጨው የለም፣ ስኳር የለም፣ ቤኪንግ ፓውደር የለም። ሊጡን እንደ ሳምቡሳ ቂጣ ሳይሆን ወፈር አድርጋችሁ ዳምጡትና በቢላ ቁረጡት። 170 ዲግሪ ላይ ግማሽ ሰዓት፣ ከዚያ ኦቨኑን አጥፍቶ እዚያው ውስጥ መተው። ወደ 70 ትንንሽ ብስኩት ይወጣዋል። መብራት መሀል ላይ ከጠፋ አትደንግጡ፤ ኦቨኑን አትክፈቱት። ሲመጣ ትቀጥላላችሁ።

አሁን ስለሚያስፈራው ነገር። ቤታችን ያለ ብዙ ዕቃ ለውሻ አይሆንም።

ሽሮ የሽምብራ ዱቄት አይደለም። ሽንኩርት፣ ነጭ ሽንኩርትና በርበሬ አለበት። የነጠረ ቅቤም እንደዚያው፤ ማንጠሪያው ውስጥ የገባውን አስቡት። ሽንኩርት የውሻን ቀይ የደም ሴል ይሰባብራል። በአንድ ኪሎ ክብደት ከ15 እስከ 30 ግራም ሽንኩርት ደሙ ላይ ጉዳት ለማሳየት ይበቃል። ለቡቺ 150 ግራም ማለት ነው፤ አንድ ወፈር ያለ ራስ ሽንኩርት። ነጭ ሽንኩርት ደግሞ ከዚህም ይብሳል። ለበዓል ዶሮ ወጥ ስንት ኪሎ ሽንኩርት እንደሚከተፍ የምታውቁ ታውቁታላችሁ። ስለዚህ የወጥ ትርፍራፊ ማባበያ አይደለም።

ዘቢብ፣ ቸኮሌትና ቡና ሊጡ አጠገብ አይድረሱ። እርሾ ያለው ጥሬ ሊጥም ክፉ ነው፤ ሆዱ ውስጥ እየቦካ ያብጣል፣ አልኮልም ያወጣል። የኦቾሎኒ ቅቤ የምትጨምሩ ከሆነ ዝርዝሩ ላይ ዛይሊቶል የሚል እንዳይኖር። ስኳር የለውም ተብሎ የሚሸጥ ነገር ውስጥ የሚገባ ማጣፈጫ ነው። አሥር ኪሎ ለሚመዝን ውሻ አንድ ግራም ብቻ የደም ስኳሩን በአደገኛ ሁኔታ ዝቅ ለማድረግ ይበቃል። ኦቾሎኒውን ራሳችሁ የምትፈጩ ከሆነ ሻጋታ የነካውን ወይም የተጨማደደውን ለቅማችሁ ጣሉ። የሻጋታው መርዝ በኦቨን ሙቀት አይጠፋም።

የመጀመሪያው ዙሬ የተበላሸው በሌላ ምክንያት ነው። ሐምሌ ነበር። ብስኩቱ ሳይበርድ ቆርቆሮ ውስጥ ከተትኩና ግጥም አድርጌ ዘጋሁት። በአራተኛው ቀን ስከፍተው አረንጓዴ ጺም አብቅሎ አገኘሁት። በክረምት ከሳምንት በላይ የምታቆዩትን ፍሪዘር ውስጥ አድርጉ።

ጉበትና ሳንባ

ቡቺ የመረጠው ይህን ነው፤ እኔም ከሦስቱ የምመርጠው ይህን ነው። ግን በደንብ ካልተሠራ ከሦስቱም አደገኛው ይኸው ነው።

ሥጋ ቤት ሄዳችሁ «ለውሻ» ስትሉ ሳንባ በርካሽ ይሰጧችኋል። ብዙ ሰው ጥሬውን ለውሻ ይወረውርለታል። እዚህ ላይ ቆም እንበል። አገራችን ውስጥ በሚታረዱ ከብቶችና በጎች ሳንባና ጉበት ላይ ውሃ የቋጠሩ ከረጢቶች ማየት የተለመደ ነው። በዓል ላይ በግ ያረደ ሰው አይቷቸው ይሆናል፤ ነጣ ያሉ፣ ሲነኩ እንደ ፊኛ የሚሉ። እነዚህ የአንድ ትንሽ የኮሶ ትል እጮች ናቸው። ውሻው ጥሬውን ሲበላ ትሉ አንጀቱ ውስጥ ያድጋል። ውሻው ምንም የታመመ አይመስልም። እንቁላሉ ግን ከሰገራው ጋር ይወጣና በእጅ፣ በአትክልት ወይም በልጆች ጨዋታ በኩል ወደ ሰው ይመጣል። ሰው ጉበትና ሳንባ ላይ ያው ከረጢት ይበቅላል። አንዳንዴም በቀዶ ሕክምና ነው የሚወጣው።

መፍትሔው ድስት ነው። ግማሽ ሰዓት ከተንተከተከ እጩ ይሞታል። አዲስ አበባ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ስላለች ውሃችን የሚፈላው 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። እኔ ስለዚህ 45 ደቂቃ እተወዋለሁ። ከረጢት ያየሁበትን ቁራጭ ግን ቆሻሻ ላይ አልጥለውም፤ የሰፈር ውሻ ያወጣዋልና በጥልቀት ጉድጓድ ቆፍሬ እቀብረዋለሁ። ከዚህ በፊት ጥሬ ይበላ ለነበረ ውሻ ደግሞ የእንስሳት ሐኪም ዘንድ ሄዳችሁ ፕራዚኳንቴል የሚባለውን የትል መድኃኒት ጠይቁ።

ከተቀቀለ በኋላ የቀረው ሥራ ቀላል ነው። በጣት ጥፍር ልክ ይቆረጣል፣ ፓትራ ላይ ይዘረጋል፣ 100 ዲግሪ ላይ የኦቨኑን በር ትንሽ ከፈት አድርጎ ሁለት ሦስት ሰዓት። ሲታጠፍ ቀጭ ብሎ ከተሰበረ ደርሷል። ከጎበጠ ገና ነው። ሳንባው ሲደርቅ እንደ ስፖንጅ ቀላል ይሆናል፤ ስቡ ትንሽ ስለሆነ ለወፈረ ውሻ ከጉበት ይሻላል። ጉበት ቫይታሚን ኤ በጣም ስለሚበዛበት ማባበያ እንጂ ምግብ አታድርጉት።

ዋጋ ስታወዳድሩ አንድ ነገር አትርሱ። አንድ ኪሎ ጉበት ሲደርቅ ወደ ሲሶው ይወርዳል። ስለዚህ ከታሸገው ጋር ስታስተያዩ የጉበቱን የኪሎ ዋጋ በሦስት አባዙ። የኤሌክትሪኩንም ጨምሩበት። ሳንባ ግን እንዲህም ተሰልቶ ብዙ ጊዜ ያዋጣል።

የሁዳዴ ጾም ሲገባ ሌላ ጣጣ አለ። 55 ቀን፣ የሰፈራችን ሥጋ ቤትም ይዘጋል። ቡቺ አይጾምም። ቅበላ ሰሞን ሁለት ኪሎ አድርቄ ፍሪዘር ውስጥ አስቀምጣለሁ።

እና የቀበረው ብስኩት? ጉበቱ የተቀቀለበትን መረቅ አስቀረሁና የሚቀጥለውን የአጃ ሊጥ በእሱ ለወስኩት። ያው ዱቄት፣ ያው ዱባ። ቡቺ ያን ቀን ፓትራው ሥር ተኝቶ እስኪበርድ ጠበቀ። ከዚያ ወዲህ ምንም አልቀበረም።

ስንት ይሰጠዋል?

የተለመደው ልክ ማባበያ ከቀኑ ምግብ አንድ አሥረኛ እንዳይበልጥ ነው። እንደ ቡቺ አሥር ኪሎ የሚመዝን አዋቂ ውሻ በቀን 600 ካሎሪ ገደማ ይበቃዋል፤ ስለዚህ የማባበያው ድርሻ 60 ነው። ከላይ ያለው የአጃ ብስኩት አንዱ 18 ካሎሪ ገደማ አለው። ሦስት ብስኩት፣ አበቃ። ልጆቹ አንድ አንድ፣ ጥበቃው አንድ፣ እማዬ ደግሞ ተደብቃ አንድ ከሰጠች የቀኑን ልክ አልፏል።

የቱን ልግዛ ለምትሉኝ

ቡችላ እያሠለጠናችሁ ከሆነ የደረቀ ጉበት፣ በምስር ፍሬ ልክ ተቆርጦ። በአሥር ደቂቃ ሃያ ጊዜ ስለምትሰጡት ትልቅ መሆን የለበትም። ለወፈረ ውሻ ሳንባ ወይም ጥሬ ካሮት። ጊዜ የሌለው ሰው የታሸገ ይግዛ፤ ቀኑን አይቶ፣ ትንሹን እሽግ። ልጆች ያሉበት ቤት አጃውን ጋግሩ፤ ሊጡን መቁረጥ ለእነሱ ጨዋታ ነው። ምንም ማውጣት ለማይፈልግ ደግሞ ወጥ ያልነካው፣ በርበሬ የሌለው፣ ያልሻገተ ድርቆሽ አለ። ቡቺ ቀጭ ቀጭ አድርጎ ይበላዋል፤ ግን እንግዳ መጥቶ እየጮኸ ሳለ በድርቆሽ አይጠራም። በጉበት ይጠራል።

ቆርቆሮው አሁን ወጥ ቤት መደርደሪያ ላይ ነው። ባለፈው አንድ ዘመዳችን ቡና ላይ ከፍቶ ሁለት ብስኩት በልቶ ከጨረሰ በኋላ ነው የነገርነው። «ጨው አንሶታል» አለ። በማግሥቱ እማዬ ፕላስተር ለጥፋ በትልቁ «የውሻ» ብላ ጻፈችበት።