«ኦሪጅናል ካስት አይረን» የተባለውን መጥበሻ ሳትመዝኑ እንዳትከፍሉ

ደብረ ማርቆስም ሆነ ባሕር ዳር ያላችሁ፣ ሰሞኑን በቴሌግራም አንድ ማስታወቂያ ይዞራል። ጥቁር መጥበሻ ላይ ወፍራም ሥጋ ተጥዶ ጭሱ ይትጎለጎላል። ከሥሩ «ኦሪጅናል ካስት አይረን፣ የዕድሜ ልክ ዋስትና ያለው፣ ወደ መላው ጎጃም እንልካለን» ይላል። ዋጋው 4,500 ብር ነው። እንዳትገዙት። ካስት አይረን ማለት ቀልጦ በቅርጽ የፈሰሰ ወፍራም ብረት ነው፤ ይሄ ግን አይደለም። ጥቁር የተቀባ አሉሚኒየም ነው።

ይህን የምለው በወሬ አይደለም። የእህቴ ልጅ ገዝቶት በእጄ ይዤ አይቼዋለሁ። ልጁ የስቴክ ቪዲዮ ሲያይ ነው የሚያድረው። ጾሙ ሲፈታ ለቤተሰቡ ስቴክ እሠራለሁ ብሎ ፎከረ። አባቱ «ጥሬው እያለ ምን አስጠበሰው?» ብሎ ሳቀበት። የጎጃም አባት ቁርጥና ሚጥሚጣ ካለ ሌላ ነገር አይታየውም፣ አይፈረድበትም። ልጁ ግን ብሩን በቴሌብር ላከ። ሙሉ ክፍያ መጀመሪያ፣ ዕቃው በኋላ። ዕቃው ከአዲስ አበባ በሚኒባስ ተጭኖ፣ ዓባይ በረሃን ተሻግሮ ማርቆስ ገባ። የተንኮሉ ግማሽ እዚህ ላይ ነው ያለው። 300 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ የሻጭ በር የሚያንኳኳ ሰው የለም።

እኔ የጠረጠርኩት ገና ካርቶኑ ሳይከፈት ነው። ልጁ በአንድ እጁ አንጠልጥሎት ገባ። ካስት አይረን እንዲህ አይያዝም። እ.ኤ.አ. በ1896 የተመሠረተው የአሜሪካው የመጥበሻ ኩባንያ ሎጅ የሚያመርተው 26 ሴንቲ ሜትር መጥበሻ 2.4 ኪሎ ገደማ ይመዝናል። የእኛውን ጥጉ ላይ ያለው ሥጋ ቤት ወስደን ሚዛን ላይ አስቀመጥነው። ስፋቱ ያው ሆኖ 900 ግራም ወጣ። ሥጋ ቆራጩ «ይሄማ የእንቁላል መጥበሻ ነው» አለን። ልክ ነው። ብረት ከአሉሚኒየም ከሁለት ተኩል እጥፍ በላይ ይከብዳል። ሚዛኑ ብቻውን ጉዳዩን ጨርሶት ነበር።

ልጁ ግን አላመነም። ከተበላሸ ስፒከር የወጣ ማግኔት አምጥቶ መጥበሻውን ገለበጠና ከሥሩ አስጠጋው። ጥብቅ አድርጎ ያዘው። «አዩ ጋሼ! ብረት ነው!» አለ። ማግኔቱን ወደ ጎኑ አምጣው አልኩት። ጎኑ ላይ ሲያደርገው ተንሸራቶ ወደቀ። እጀታው ላይም አልያዘም።

ይህቺን ነገር ልብ በሏት፣ ብዙ ሰው የሚሸወደው እዚህ ጋ ነው። በኢንዳክሽን ምድጃ (በማግኔት ኃይል መጥበሻውን ራሱን በሚያሞቀው) እንዲሠሩ ተብለው የሚመረቱ የአሉሚኒየም መጥበሻዎች ከሥራቸው ስስ የብረት ሳህን ይገጠምላቸዋል። ይህ በራሱ ማጭበርበር አይደለም። ማጭበርበር የሚሆነው ሻጩ በቪዲዮ ማግኔቱን ሥሩ ላይ ብቻ ለጥፎ «ይኸው ብረት ነው» ሲል ነው። እውነተኛው ካስት አይረን ሥሩም፣ ጎኑም፣ እጀታውም ማግኔት ይይዛል። ብዙውን ጊዜ እጀታው ከመጥበሻው ጋር አንድ ላይ የፈሰሰ ነው። የእኛው እጀታ በሁለት ብሎን የታሰረ ነበር።

ከዚያ የጀርባውን ጠርዝ በሳንቲም ጫር አደረግነው። ጥቁሩ ቀለም በቁራጭ በቁራጭ ተነሳ። ከሥሩ ነጭ የሚያብለጨልጭ አሉሚኒየም ታየ። ልጁ ዝም አለ።

ዝም ብሎም አልቀረም፤ ሥጋው ተገዝቷል ብሎ ጣደው። ስቶቩን እስከ መጨረሻው ከፈተው። ሥጋው ሲያርፍበት ጥቂት ጮኸ፣ ወዲያው ጸጥ አለ። ትንሽ ቆይቶ ሥጋው በራሱ ውኃ ውስጥ ተኝቶ ይንተከተካል። ቡናማ ሊሆን ይቅርና ግራጫ ሆኖ ተቀቀለ። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ወፍራም ብረት ቀስ ብሎ ይሞቃል፣ የያዘውን ሙቀት ግን ቶሎ አይለቅም፤ ቀዝቃዛ ሥጋ ቢያርፍበት እንኳ መጥበሱን ይቀጥላል። ስሱ አሉሚኒየም ሥጋው እንደነካው ይቀዘቅዛል። የማርቆስ መብራት ደግሞ ማታ ማታ ኃይሉ ሲቀንስ ታውቁታላችሁ።

እሱ እንኳ ጣዕም ነው፣ ይታለፋል። የማይታለፈው ሽታው ነው። ሥጋው ከወጣ በኋላ ባዶው መጥበሻ እሳት ላይ ቆየና ቤቱ የተቃጠለ ፕላስቲክ ሸተተ። ጮማው ላይ ጥቃቅን ጥቁር ነገር ተለጥፎ ነበር። ቅቡ ምን እንደሆነ ካርቶኑ ላይ አልተጻፈም። ቴፍሎን (ምግብ እንዳይጣበቅ የሚቀባው ሽፋን) ከሆነ፣ ከ260 ዲግሪ ሲያልፍ መበላሸትና ጭስ ማውጣት ይጀምራል። ጭሱ ሰው ላይ ብርድ ብርድ የሚል ትኩሳትና ሳል ያመጣል፣ ቤት ውስጥ የሚያድር ወፍ ካለ ይገድላል። ባዶ መጥበሻ ኃይለኛ እሳት ላይ እዚያ ለመድረስ ጥቂት ደቂቃ ይበቃዋል። ተራ ቀለም ከሆነ ደግሞ ጭራሽ ምግብ ሊነካው አይገባም። ስለዚህ ዕቃው ቀድሞ እጃችሁ የገባ ካላችሁ፣ ኃይለኛ እሳት ላይ አትጣዱት። ቀለሙ መነሳት ከጀመረም ለምግብ አትጠቀሙበት። ሥጋውን ለውሻው ሰጠነው ማለት አልፈልግም፣ ውሻውስ ምን በደለ? ጣልነው።

የካስት አይረን ጥቁረት ቀለም አይደለም። እናቶቻችን አዲስ ምጣድ በጎመን ዘር እንደሚያሟሹት ነው፤ ስስ ዘይት ተቀብቶ በኃይለኛ ሙቀት ብረቱ ላይ ይደርቃል። ስለዚህ አዲሱ ዕቃ ደብዘዝ፣ ሻከር ያለ ነው፤ እንደ መስታወት አያብረቀርቅም። እርጥብ ሆኖ ካደረ ይዝጋል። ማስታወቂያው «ፈጽሞ አይዝግም፣ ዘፍዝፋችሁ እጠቡት» ይላል። በዚህ ዓረፍተ ነገር ብቻ ሻጩ ምን እንደሚሸጥ አውቃችሁ መተው ትችላላችሁ።

እግረ መንገዴን፣ ስቴክ ለመብላት ካስት አይረን ግዴታ አይደለም። ወፍራም የብረት መጥበሻ ካለ በደንብ የተቀጣጠለ ከሰል ላይ ይሠራል፤ ከሰሉ እንዲያውም ከስቶቩ ይሻላል። ሥጋው ከሽንጥ ወይም ከጨቅና ይሁን፣ ሦስት ሴንቲ ሜትር ያህል ውፍረት ይኑረው። የእኛ አገር ሥጋ በታረደበት ቀን ስለሚሸጥ ጠንከር ይላል። ጨው ነስንሳችሁ ፍሪጅ ውስጥ ሳትሸፍኑ አሳድሩት፣ ከመጥበሳችሁ በፊት አድርቁት። ንጥር ቅቤው መጨረሻ ላይ ይግባ፤ ቀድሞ ከገባ ኮረሪማው ያርራል። ኮሶ የሚያስፈራችሁ ካላችሁ ውስጡ 63 ዲግሪ እስኪደርስ አብስሉትና ከእሳት አውርዳችሁ ጥቂት ደቂቃ አሳርፉት።

ወደ ሻጩ ልመለስ። ልጁ የሚዛኑን ፎቶ ላከለት። መልሱ «ወንድም፣ ይሄ አዲሱ ቀላል ሞዴል ነው» የሚል ነበር። ቀላል ካስት አይረን! የማግኔቱን ቪዲዮ ሲልክለት «የተሸጠ ዕቃ አይመለስም» አለና ብሎክ አደረገው። የዕድሜ ልክ ዋስትናው አንድ ሳምንት እንኳ አልሞላም።

ሕጉ ግን እንዲህ አይልም። የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ጉድለት ያለበት ዕቃ የገዛ ሸማች በ15 ቀን ውስጥ ዕቃው እንዲቀየርለት ወይም ገንዘቡ እንዲመለስለት መጠየቅ እንደሚችል ይደነግጋል። ችግሩ ደረሰኝ የማይሰጥ፣ አድራሻ የሌለው ሻጭ የት ይገኛል? ለዚህ ነው ከመክፈል በፊት መጨቃጨቅ የሚሻለው። መጥበሻው ሚዛን ላይ ተቀምጦ፣ ማግኔቱም ጎኑ ላይ ተለጥፎ የሚያሳይ ቪዲዮ ይላክልኝ በሉ። ክፍያው ዕቃውን ሳይ ይሁን በሉ። ትክክለኛ ዕቃ የያዘ ሰው ይህን ሲጠየቅ ደስ ይለዋል። የእኛው ሻጭ ሌላ ጎረቤታችን በራሷ ስልክ ይህንኑ ስትጠይቀው «እህቴ፣ ካላመንሽኝ ተዪው» ብሏታል። ተወችው።

ቀድማችሁ የከፈላችሁ ደግሞ የቴሌብሩን የክፍያ መልእክት አታጥፉ። የማስታወቂያውን ስክሪንሾት ቻናሉ ስሙን ሳይቀይር ያዙ። ካርቶኑንም አትጣሉት። ወደ ንግድ ጽሕፈት ቤት ስትሄዱ መጀመሪያ የምትጠየቁት ማስረጃ ነው።